የተሰበረው ሰፌድ መንደር፦ ከአፊሌ የተጻፈ የጉዞ ማስታወሻ

ሐሙስ ማታ፣ ሮም

አክስቴ ሮም ውስጥ ከሠላሳ ዓመት በላይ ኖራለች። ባዳንቴ ነበረች፤ የሰው አገር ሽማግሌ ስታስታምም እሷም አረጀች። አሁን ጡረታ ወጥታ ከተርሚኒ ጣቢያ ብዙ በማይርቅ ጠባብ ቤት ውስጥ ቡናዋን እያፈላች ትኖራለች። ሻንጣዬን ሳዘጋጅ አየችኝና፣

"ደግሞ የት ልትሄጂ ነው?" አለች።

"አፊሌ የምትባል መንደር። የወይን አገር ናት። ልጽፍባት ነው።"

ጀበናውን አወረደች። "የሰውዬውን አገር?"

"አዎ፣ የሰውዬውን አገር።"

"እዚያ ድረስ ሄደሽ ወይን ልትጠጪ?"

ምን ልበላት? ዝም አልኩ።

ሰውዬው ሮዶልፎ ግራዚያኒ ነው። የተወለደው በ1882 ፊለቲኖ በሚባል ተራራማ መንደር ነው። የተቀበረው ግን እዚያው አካባቢ፣ አፊሌ ነው። በ2012 መታሰቢያ ግንብ ሲሠሩለት ወሬው አዲስ አበባ ድረስ ደርሶ ብዙዎቻችን የመንደሯን ስም ለመጀመሪያ ጊዜ የሰማነው ያኔ ነው። እኔ ሁለተኛ ጊዜ የሰማሁት ሮም ውስጥ፣ የወይን ዝርዝር ላይ ነው። "ቼዛኔዜ ዲ አፊሌ" ይላል። አስተናጋጁ የአካባቢው ምርጥ ቀይ ወይን እንደሆነ ነገረኝ። ያቺው አፊሌ ናት? ያቺው ናት። ያን ቀን ሌላ ወይን አዘዝኩ፤ ስሙ ግን አብሮኝ ወጣ።

(እዚህ ማስታወሻ ውስጥ የምጠቅሳቸው ቀናትና ዓመታት፣ ዓ.ም. ካላልኩ በቀር፣ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።)

ዓርብ፣ ሱቢያኮ

የመጀመሪያው አውቶቡስ አመለጠኝ። ቲኬቱን አስቀድሜ ከትምባሆ ሱቅ መግዛት ነበረብኝ፤ ሱቁ ደግሞ ተዘግቷል። ከፖንቴ ማሞሎ የሜትሮ ጣቢያ ተነስቼ ሱቢያኮ ስደርስ ቀኑ ተጋምሷል። ከሮም ወደ ምሥራቅ 70 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። መንገዱ የአኒዬኔን ወንዝ ተከትሎ ይወጣል፤ ተራራው ከግራ ከቀኝ እየጠበበ ይመጣል።

ሱቢያኮ ማለት "ከሐይቆቹ በታች" እንደማለት ነው። ሐይቆቹ ዛሬ የሉም። ንጉሥ ኔሮ እዚህ ቪላ ሠርቶ ወንዙን በግድብ አስገድቦ ነበር። የመጨረሻው ግድብ በ1305 ፈረሰ። ስሙ ብቻ ቀረ።

እኔ የመጣሁት ግን ለዋሻው ነው። ከከተማው ሦስት ኪሎ ሜትር ያህል ዳገት ወጣሁ። ገደል ላይ የተለጠፈ ገዳም አለ፤ ሳክሮ ስፔኮ ይሉታል፣ ቅዱስ ዋሻ። በ500 ገደማ ቤኔዲክቶስ የሚባል ወጣት ከሮም ትምህርቱን ጥሎ ሸሽቶ እዚህ ዋሻ ውስጥ ሦስት ዓመት ኖረ። ሮማኖ የተባለ መነኩሴ ከገደሉ አናት ላይ ሆኖ ዳቦ በገመድ ያወርድለት ነበር። ገመዱ ላይ ደወል ታስሯል፤ ደወሉ ሲሰማ ምግብ መጣ ማለት ነው። ሰይጣን ቀንቶ በድንጋይ ደወሉን ሰበረው ይላል ታሪኩ።

ገመድ ሲባል እኔ ማን ትዝ ሊለኝ ይችላል? አቡነ አረጋዊ ነዋ። ዘመኑ ተቀራራቢ ነው። ተስዓቱ ቅዱሳን ወደ እኛ አገር መጡ የሚባለው በአምስተኛው መቶ ዓመት መጨረሻ አካባቢ ነው። እዚያ ዘንዶውና ጠፍሩ፣ እዚህ ደወሉና ዳቦው። የሁለቱም የምንኩስና ሥር ግብፅ በረሃ ውስጥ ነው። ልዩነቱ፣ ደብረ ዳሞ ሴት ስለሆንኩ አያስወጡኝም። ሳክሮ ስፔኮ ግን ሰተት ብዬ ገባሁ።

ግድግዳው ሁሉ ሥዕል ነው። ከሁሉም በላይ የቅዱስ ፍራንቸስኮ ሥዕል ያዘኝ። አክሊለ ብርሃን የለውም፤ እጁ ላይ የችንካር ምልክት የለም። ቅዱስ ከመባሉ በፊት የተሣለ ነው ይሉታል። የመንገደኛ ፊት አለው፤ የደከመው ሰው ፊት።

ቤኔዲክቶስ በኋላ ለመነኮሳቱ ሥርዓት ጻፈላቸው። ከወይን ጋር የሚያገናኘኝ አንድ ምዕራፍ አለበት። መነኩሴ ወይን ባይጠጣ ይሻል ነበር ይላል፤ ግን በኛ ዘመን መነኮሳትን ይህን ማሳመን ስለማይቻል፣ ቢያንስ እስክንጠግብ አንጠጣ። ለአንድ ሰው በቀን አንድ ሄሚና ፈቀደላቸው፣ ሩብ ሊትር ገደማ። ይህን የመሰለ ሕግ አውጪ እወዳለሁ። ሰውን ያውቀዋል።

ስወርድ በሳንታ ስኮላስቲካ ገዳም አለፍኩ። ሁለት ጀርመኖች በ1465 ኢጣሊያ ውስጥ ከታተሙት የመጀመሪያዎቹን መጻሕፍት ያተሙት እዚህ ነው። ከዚያ 48 ዓመት ቆይቶ፣ በ1513፣ የግዕዝ መዝሙረ ዳዊት ሮም ላይ ታተመ። የኛ ፊደል በማተሚያ ቤት በኩል ወደ ዓለም የወጣው ከዚህ የአንድ ቀን መንገድ ላይ ነው።

ቅዳሜ፣ አፊሌ

አፊሌ ከሱቢያኮ በስተ ደቡብ ነው። ጠመዝማዛ መንገድ፣ ወይራ፣ ከዚያ ወይን፣ ከዚያ ኮረብታው ላይ የተቆለለ ድንጋይ። ከፍታው 684 ሜትር ነው፤ የአዲስ አበባን ሲሶ እንኳ አይሞላም። ብርዱ ግን ይቆነጥጣል። ነዋሪው 1,500 ያህል ነው።

ከአውቶቡስ ስወርድ መጀመሪያ የተቀበለኝ ሽታ ነው። ጥቅምት ማለቂያ ላይ ነን፤ ወይን ተለቅሞ አልቋል፤ በየምድር ቤቱ እየፈላ ነው። መንደሩ በሙሉ ጉሽ ጉሽ ይሸታል። ዓይኔን ጨፍኜ ቢሆን የሆነች ጠጅ ቤት ጓሮ የቆምኩ ይመስለኝ ነበር።

መንገዶቹ ሁለት ሰው ጎን ለጎን አያሳልፉም። ደረጃ፣ ቅስት፣ ደረጃ። በር ላይ የተሰጣ ልብስ፣ በርበሬ በክር። እኛ ቤት የሚሰቀለው በርበሬ ይመስላል፤ ቀምሼዋለሁ፣ አያቃጥልም። ሰባት ድመት ቆጠርኩ፣ ልጅ ግን ሁለት ብቻ። ወጣቱ ሮም ሄዷል፤ የቀረውም ጠዋት ወርዶ ማታ ይመለሳል። ከሰዓት በኋላ ሁሉም ነገር ይዘጋል። ፒያሳው ላይ አግዳሚ ወንበር አለ፤ ወንበሩ ላይ አራት ሽማግሌዎች አሉ። እኔ ሳልፍ ወሬያቸውን አቆሙ። ስመለስም አቆሙ። ሦስተኛ ጊዜ ሳልፍ አንዱ ኮፍያውን አነሳልኝ።

አሁን ወደ ሰፌዱ።

ቤኔዲክቶስ ዋሻው ከመግባቱ በፊት ያረፈው እዚህ ነው። ጳጳሱ ታላቁ ጎርጎርዮስ የጻፉት ገድል ኤንፊዴ ይላታል፤ አፊሌ ናት ተብሎ ይታመናል። ልጁ ብቻውን አልመጣም። ሞግዚቱ አብራው መጣች። ከሮም ሲሸሽ ሌላውን ሁሉ ትቷል፤ እሷን ግን መተው አልቻለም፣ ወይም እሷ አልተወችውም። በቅዱስ ጴጥሮስ ቤተ ክርስቲያን አጠገብ ተቀመጡ። አንድ ቀን ሞግዚቷ ስንዴ ልታበጥር ከጎረቤት ሰፌድ ተዋሰች። ጠረጴዛ ላይ ትታው ወጣች። ወድቆ ለሁለት ተሰበረ። ሴትዮዋ ተንሰቀሰቀች።

ይህን ሳነብ ሳቅም እንባም መጣብኝ። የተዋሱት ዕቃ መስበር! ከጎረቤት ጋር ስንት ዓመት ያኳርፋል። የሞግዚቷ ለቅሶ ለሰፌዱ አይመስለኝም። ባዕድ መንደር መጥታለች፣ ገና ሰው አልለመደችም፣ ያመኗትን አሳፈረች። አክስቴ የመጀመሪያ አሠሪዎቿ ቤት ሳህን የሰበረች ቀን እንዲሁ አልቅሳ እንደነበር ነግራኛለች።

ልጁ ስብርባሪውን ወስዶ ጸለየ። ከጸሎቱ ሲነሳ ሰፌዱ ደህና ነበር፤ ስንጥቁ እንኳ አይታይም። የቤኔዲክቶስ የመጀመሪያ ተአምር ይህ ነው። ሙት አላስነሳም፣ ባሕር አልከፈለም። የጎረቤት ሰፌድ ጠገነ። የመንደሩ ሰው ሰፌዱን ቤተ ክርስቲያኑ ደጃፍ ላይ ሰቀለው፤ ሎምባርዶች የሚባሉት ወራሪዎች እስከመጡበት ጊዜ ድረስ ተሰቅሎ ኖረ ይላል ጎርጎርዮስ። ልጁ ግን ዝናው በዛበትና ከሞግዚቱም ተደብቆ ወደ ዋሻው ጠፋ። የሷ መጨረሻ አልተጻፈም። ይህ ትንሽ አበሳጨኝ።

የቅዱስ ጴጥሮስ ቤተ ክርስቲያን ዛሬም አለ። ስደርስ ተቆልፏል። ደጃፉን ቀና ብዬ አየሁት። ምንም አልተሰቀለበትም።

ማታ ላይ ወይን የሚሠራ ሰው ጋ ገባሁ። ስድሳዎቹን ያለፈ፣ ጣቶቹ በወይን ጭማቂ የጠቆሩ ሰው ነው። ካንቲናው የቤቱ ምድር ቤት ነው። የነገረኝን ላሳጥረው።

ቼዛኔዜ ሁለት ዓይነት ነው። አንዱ ፍሬው ትልልቅ ነው፤ "ተራው" ይሉታል። ሌላው ፍሬው ትንንሽ ነው፣ ጣዕሙ ደግሞ ይበልጣል። ይህ የመንደሯን ስም ይዟል፦ ቼዛኔዜ ዲ አፊሌ። "ቼዛኔዜ" የሚለው ቃል ጫካ ተመንጥሮ ከተከፈተ መሬት ስም የመጣ ነው ይባላል። ዘግይቶ የሚደርስ ወይን ነው። ሌሎች አካባቢዎች ለቅመው ጨርሰው ሲያርፉ፣ እዚህ ሰማዩን እያዩ ጥቅምትን ይጠብቃሉ። ዝናብ ከቀደመ የዓመት ድካም አፈር በላ። በድሮ ጊዜ ገበሬው ጣፋጭና አረፋ ያለው አድርጎ ይጠምቀው ነበር፤ ለሮም ጠጪ በጋሪ የሚወርድ የሰንበት ወይን። ደረቅና ቁም ነገር ያለው ቼዛኔዜ በሰፊው የመጣው በቅርብ አሥርተ ዓመታት ነው።

ሕጉም ተጽፏል። በ1973 አፊሌ፣ ፒልዮና ኦሌቫኖ ሮማኖ እያንዳንዳቸው በቦታቸው ስም የተጠበቀ ቼዛኔዜ እንዲኖራቸው ተፈቀደ። በ2008 ፒልዮ ከፍ ወዳለው ደረጃ ወጣ፤ ከላዚዮ ክልል የመጀመሪያው። የስሙ ባለቤት አፊሌ፣ የዝናው ባለቤት ፒልዮ ሆነች። ይህን ሲነግረኝ ፊቱ አልተቀየረም። ብርጭቆውን ግን ትንሽ ጠንከር አድርጎ አስቀመጠ።

ቀመስኩት። በሳል የቼሪ ጣዕም አለው፣ ትንሽ ቅመም፣ መጨረሻ ላይ ደስ የሚል ምሬት። ጉደር ለለመደ ሰው መጀመሪያ ቀጭን ይመስላል። ሁለተኛው ጉንጭ ላይ ይገባሃል። ሦስተኛው ላይ የአክስቴ ጥያቄ መጣብኝ።

"ከየት ነሽ?" አለኝ፣ ሐሳቤን የሰማ ይመስል።

"ከኢትዮጵያ።"

ጠርሙሱን መወልወል ጀመረ። ንጹሕ ነበር።

"ለዚያ ግንብ ነው የመጣሽው?"

"ለወይኑ ነው።"

"ትዋሻለሽ" አለ።

ሁለታችንም ሳቅን። ከዚያ ሳቁ አለቀና ዝም አልን። ሲሸኘኝ አንድ ጠርሙስ ሰጠኝ፤ ገንዘብ አልቀበልም አለ። "በሦስት፣ በአራት ዓመት ውስጥ ጠጪው። ይሄ ለመጋዘን የሚሆን ወይን አይደለም።"

እሑድ፣ ራዲሞንቴ

ጠዋት ደወል ቀሰቀሰኝ። ሰው ቅዳሴ ሲገባ እኔ ወደ ራዲሞንቴ ሄድኩ። የመንደሩ መናፈሻ ነው።

ግንቡ በፎቶ ካየሁት ያንሳል። ግራጫ፣ አራት ማዕዘን፣ ጌጥ የሌለው። ፊቱ ላይ ሁለት ቃል ብቻ አለ፤ ፓትሪያ እና ኦኖሬ። አገርና ክብር። ተዘግቷል። ከኋላው የሚታየው አገር እጅግ ያምራል፤ ሸለቆው፣ ወይኑ እየቀላ፣ ተራራው ላይ ጭጋግ። ማማሩ አናደደኝ።

ነሐሴ 11 ቀን 2012፣ የሰውዬው 130ኛ የልደት ቀን ነው የተመረቀው። 127,000 ዩሮ ያህል ወጣበት፤ ገንዘቡ የክልሉ መንግሥት ነው። ማለትም የሕዝብ። በኢጣሊያም በውጭም ቁጣ ተነሣ። በ2013 አዲሱ የክልሉ አስተዳደር ገንዘቡን አገደ። በዚያው ዓመት አዲስ አበባ ላይ ግንቡን ተቃውመው ሰልፍ የወጡ ሰዎች በራሳችን ፖሊስ ታሰሩ። ይህን እስከ ዛሬ ለፈረንጅ ማስረዳት አልቻልኩም። በ2017 ቲቮሊ ያለው ፍርድ ቤት ከንቲባውን ፋሺዝምን በማወደስ ጥፋተኛ ብሎ የስምንት ወር እስራት ፈረደ፤ ሁለት የምክር ቤቱ ሹሞች ደግሞ ስድስት ስድስት ወር። በ2020 ሰበር ሰሚው ፍርድ ቤት ያንን ሽሮ ጉዳዩን መለሰው። ፍርዱ ሲወጣና ሲወርድ ግንቡ ከቦታው አልተነቃነቀም።

ሙት ወቃሽ አያድርገኝ ይባላል በአገራችን። እኔ ግን ስድስት ኪሎ የሰማዕታት ሐውልት ሥር አውቶቡስ ስጠብቅ ያደግሁ ልጅ ነኝ። የካቲት 12 ቀን 1929 ዓ.ም. አብርሃ ደቦጭና ሞገስ አስገዶም ግራዚያኒ ላይ ቦምብ ወረወሩ። ከዚያ ሦስት ቀን አዲስ አበባ በእሳትና በአካፋ ተቀጣች። መንግሥታችን የሟቹን ቁጥር 30,000 ይለዋል። በግንቦት ደግሞ ደብረ ሊባኖስ። ግራዚያኒ ራሱ ወደ ሮም ባስተላለፋቸው ቴሌግራሞች የተገደሉትን 449 አድርጎ ቆጠራቸው፤ መነኮሳት፣ ዲያቆናት፣ ምእመናን። በኋላ የተደረገ ጥናት ከ1,800 በላይ ያደርሰዋል።

መነኮሳት። ከትናንት በስቲያ በገመድ ዳቦ የሚወርድለትን ልጅ ዋሻ አይቼ መጥቻለሁ። ከዚያ ዋሻ እዚህ ግንብ ድረስ በአውቶቡስ ቀላል መንገድ ነው። ይህ ሰው ያደገው የቤኔዲክቶስ ምንኩስና በተወለደበት ሸለቆ ደጃፍ ነው። መነኮሳትን ተሰልፈው እንዲረሸኑ ያዘዘውም እሱ ነው። ቁጭ ብዬ ይህን ለማገጣጠም ሞከርኩ። አልገጠመልኝም።

በ1950 የኢጣሊያ ወታደራዊ ፍርድ ቤት 19 ዓመት ፈረደበት፤ ከጀርመን ናዚዎች ጋር ስለተባበረ። ስለ ኢትዮጵያ አንድም ቀን አልተጠየቀም። በጥቂት ወራት ወጣ። በ1955 ሞተ።

ሕዝቡ በሙሉ ግንቡን ይወደዋል ብዬ አልጽፍም። የሚጠየፉት አሉ፤ ትናንት ማታ አንዱን ያገኘሁት ይመስለኛል። ነገር ግን መንደሩ ምንም አያውቅም ብዬም አልጽፍም። ከንቲባውን ከሰማይ አላወረዱትም፣ መርጠውት ነው። አንድ ጊዜ የጎረቤት ሰፌድ ደጃፍ ላይ የሰቀለ መንደር ነው። ምን እንደሚሰቀል ያውቃል።

ስወርድ ከቅዳሴ የወጡ ሴቶች አገኘሁ። አንዲቱ አሮጊት ከየት እንደምመጣ አየች፤ መንገዱ ሌላ ቦታ አያደርስም። ቀረብ ብላ ክንዴን ያዘችኝ። ምን ልትል ነው ብዬ ጠበቅኩ። "በልተሻል?" አለች። አልበላሁም ነበር። ከቦርሳዋ በወረቀት የተጠቀለለ ትኩስ ካስታኛ፣ ተጠብሶ የሚበላ የዛፍ ፍሬ፣ አውጥታ እጄ ላይ አስቀመጠችና ሄደች። ይቅርታ ነው? እንግዳ መቀበል ነው? ወይስ የተራበ ሰው ዓይቶ ማለፍ የማትችል ሴት ናት? ቆሜ በላሁት። ልጣጩን የምጥልበት አጥቼ ኪሴ ውስጥ ከተትኩት።

እሑድ ከሰዓት በኋላ አውቶቡስ የለም። ሌላ ሌሊት አደርኩ። ዝናብ ዘነበ።

ሰኞ፣ ወደ ሮም

በፒልዮ በኩል ተመለስኩ። ታዋቂዋ እሷ ናት፤ ምልክቱ፣ የቅምሻ ቤቱ፣ ሁሉም ነገር እዚያ አለ። ስለ እሷ ብዙ የምለው የለኝም፣ ቆንጆ ናት። ኦሌቫኖ ሮማኖንም በመስኮት አየኋት፤ በ19ኛው መቶ ዓመት ጀርመን ሠዓሊዎች ሴርፔንታራ የሚባለውን የኦክ ጫካዋን እንዳይቆረጥ ገዝተው አተረፉት። ሰዎች ለዛፍ ገንዘብ ሲያዋጡ ደስ ይለኛል።

አክስቴ በሩን ስትከፍት መጀመሪያ ያየችው ጠርሙሱን ነው። መነጽሯን ፈልጋ ስሙን አነበበች። ምንም አላለችም። ጀበናው ያለበት መደርደሪያ ላይ፣ ከቡና ስኒዎቹ ኋላ አስቀመጠችው።

ይህ ሁለት ዓመት ሆነው። ሮም በሄድኩ ቁጥር አየዋለሁ። "እንክፈተው?" እላታለሁ።

"መክፈቻው ጠፍቶብኛል" ትለኛለች።

መክፈቻው መሳቢያው ውስጥ ነው፣ ከማንኪያዎቹ ጋር። ሁለታችንም እናውቃለን።